የእህል ነጋዴዋ ልጆች

ኮሎምበስ፣ ኦሃዮ
ጥቅምት 24 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለእትዬ መዓዛ፣

ጉልበትሽ እንዴት ነው? ደም ግፊቱስ? ከሁሉ በላይ ጆሮሽን እንዴት አደረገሽ? ስልክ አልሰማ ካለሽ ወዲህ ድምፅሽን ሳልሰማ ሁለት ዓመት ሊሞላኝ ነው። በወረቀት መነጋገር መልካም ነው፤ ብቻ ሰው በወረቀት አይስቅም። እኔ ደህና ነኝ። ልጄ ዮአብም ደህና ነው፤ ፖላሪስ አካባቢ ቢሮ ገብቶ ሥራ በዝቶበታል። በሳምንት አንዴ ቴክስት ያደርግልኛል፣ እኔም ደህና ነኝ ብዬ እመልሳለሁ።

ይህን ደብዳቤ እንደ ወትሮው ፎቶ አንስቼ በሔርሞን ቴሌግራም ያልላክሁት የልጅ ልጅሽ እንዳታነበው ብዬ ነው። የቤተ ክርስቲያናችን ልጅ የአብሥራ ቤተሰብ ልትጠይቅ ወደ ሐዋሳ ስለምትመጣ በእጅሽ ትሰጥሻለች። ብቻሽን ሆነሽ አንብቢው።

በመስከረም የጠየቅሽኝን አልረሳሁም። የምሠራበትን የበቆሎ ፋብሪካ ፎቶ እንድልክ፣ የእህቶች ኅብረት አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ሲጸልይለት በሩን እንኳ እንዳላየው ጽፈሽልኛል። ሦስት ጊዜ ፎቶ አንስቼ ሦስቴም አጠፋሁት። በሩ ላይ የተጻፈውን ሔርሞን ታነበዋለች።

እትዬ፣ የበቆሎ ፋብሪካ ነው ያልኩሽ ውሸት አይደለም፤ እውነትም አይደለም። በቆሎው በከባድ መኪና ይገባል። ይፈጫል፣ ይቀቀላል፣ ይብላላል። ከዚያ ግን ዱቄት ሆኖ አይወጣም። ቦርበን የሚሉት መጠጥ ሆኖ፣ ውስጡ በእሳት በከሰለ በርሜል ተሞልቶ፣ አምስት ስድስት ዓመት ተኝቶ ነው የሚወጣው። በእኛ ቋንቋ አረቄ ነው። አሥራ አንድ ዓመት የጸለያችሁት ለአረቄ ቤት ነው። ይቅር በይኝ።

ቤቱ የአንድ ቤተሰብ ነው፤ ዌንትዘል ይባላሉ። ፍራንክሊንተን በሚባል አሮጌ ሰፈር፣ ከወንዙ ማዶ፣ በቀይ ጡብ የተሠራ ነው። ኦገስት የሚባል ጀርመናዊ በፈረንጅ 1889 ጀመረው፤ በ1913 ወንዙ ሞልቶ ሰፈሩን ሁሉ ሲያጥለቀልቅ በርሜሎቹ እንደ ዳክዬ ተንሳፍፈው ሄዱ ይላሉ። ከዚያ ደግሞ መጠጥ በሕግ ሲከለከል አሥራ አራት ዓመት ኮምጣጤ እየሠሩ ቆዩ። አሁን የቀረችው የልጅ ልጁ ልጅ ሚስስ ዶሮቲ ናት። ሰማንያ አራት ዓመቷ ነው። ባል የለ፣ ልጅ የለ፣ ወንድሟም አምና ሞተ። ቤቱን ሸጣዋለች። የገዙት ሰዎች የሚፈልጉት ስሙን ነው፤ ሕንፃው በሰኔ ይዘጋል።

ከመዘጋቱ በፊት የቤቱን ታሪክ በመጽሐፍ እያሳተመች ነው። በመጨረሻው ክፍል ለቀረነው ስድስት ሠራተኞች አንዳንድ ገጽ ሰጥታናለች፤ ሥራውን ማን እንዳስተማረን እንድንናገር ነው። እኔን ጠርታ ያንተ እጅ የማን እጅ ነው ብትለኝ፣ ሳላስበው "የእናቴ" አልኳት። ካልኩት በኋላ ራሴ ደነገጥኩ። ይህን ቃል እዚህ አገር ለማንም ተናግሬው አላውቅም።

ከአንቺ የምፈልገው ሁለት ነገር ነው። የእማዬ ስምና ሥራዋ እንዲጻፍ እሺ በይኝ፤ ፎቶዋ ካለሽ ደግሞ ላኪልኝ። መጽሐፉ ከፋሲካ በኋላ ባለው ሰኞ ማተሚያ ቤት ይገባል። ታላቄ ነሽ፤ ያለ ፈቃድሽ ስሟን የትም አላወጣም።

ወንድምሽ፣
ሲራክ


ሐዋሳ
ኅዳር 21 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለወንድሜ ለሲራክ፣

የጌታ ሰላም ይብዛልህ። የአብሥራ ፖስታውን በእጄ ሰጥታኝ ሻይ ጠጥታ ሄደች። የምታወራው ባይሰማኝም ከንፈሯ ረጋ ያለ ነው፤ ጨዋ ልጅ ናት። የላክህልኝ መነጽር ልክ ሆኖልኛል፣ ተባረክ።

ግራ ጆሮዬ ጨርሶ ሄዷል። ቀኙ በር ሲላተም ይሰማል፣ ከዚያ ያነሰ አይሰማም። እሑድ ከፊት ወንበር ላይ እቀመጣለሁ። መዝሙሩን ከወለሉ ላይ በእግሬ ነው የማውቀው፤ ሲያበቃ የማውቀው ደግሞ ሰዎች ሲቀመጡ ነው። አንዳንዴ ብቻዬን ቆሜ እቀራለሁ። ሔርሞን ቀሚሴን ትጎትተኛለች።

ለጠየቅከኝ መልሴ አጭር ነው። እናታችን የእህል ነጋዴ ነበረች። አርሲ ነገሌ ገበያ ስንዴና በቆሎ ትሸጥ ነበር። ልጆቼ የሚያውቁት፣ የልጅ ልጆቼ የሚያውቁት፣ ቤተ ክርስቲያኔም የምታውቀው ይህንኑ ነው። ሌላ የማውቃት እናት የለችኝም። ፎቶም የለኝም። ለፈረንጅ መጽሐፍ ብለህ የሞተ ሰው አትቀስቅስ።

አንድ ነገር ግን በእውነት መልስልኝ። ትጠጣለህ?

ስለ ፎቶው እህቶች ሲጠይቁኝ ፋብሪካው ፎቶ አያስነሳም አልኳቸው። ይኸው በስልሳ አምስት ዓመቴ አስዋሸኸኝ። አርባ ዓመት አስተማሪ የነበርኩ ሰው ደብዳቤ አንብቤ እንዲህ አፍሬ አላውቅም። የፊደል ግድፈቱን ደግሞ አላነሳውም።

እህትህ፣
መዓዛ


ኮሎምበስ
ታኅሣሥ 20 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለእትዬ መዓዛ፣

ገና እየመጣ ነው፤ እንኳን አደረሰሽ። እዚህ የእነሱ ገና ካለፈ አራት ቀኑ ነው። ዮአብ በዕለቱ ብቅ ብሎ ምሳ በልተን ነበር። ሚስስ ዶሮቲ ስለ አያቱ እንደጠየቀችኝ ነገርኩት፤ በልጅነቱ ቢሆን ለምን ትጠይቅሃለች ብሎ ያደርቀኝ ነበር፤ አሁን ግን "ዳድ፣ ኢትስ ፋይን" አለኝና ስልኩን አየ። ምኑ ፋይን እንደሆነ አልጠየቅሁትም።

አልጠጣም እትዬ። አሽትቼ፣ በምላሴ ጫፍ ነክቼ እተፋለሁ። ሥራዬ እሱ ነው። መጀመሪያ የተቀጠርኩት በርሜል ለማንከባለል ነበር። በሁለተኛው ዓመት የማጣሪያው ኃላፊ ታሞ ሲቀር ሚስስ ዶሮቲ ራሷ መጥታ ቆመች። መጠጡ ሲጣራ መጀመሪያ የሚወርደው ዓይን ያቃጥላል፣ እሱ ይደፋል። መሐሉ ይወሰዳል። መጨረሻው የረጠበ ካርቶን ይሸታል፣ እሱ ተመልሶ ይጣራል። መቼ መሐሉ እንደሚጀምር የሚነግር መሣሪያ አለ፤ ያን ቀን መሣሪያው የሚለውና አፍንጫዬ የሚለው አልተስማሙም። ጠርሙሱን አንስቼ ነቅነቅ አደረግሁና አረፋውን አየሁ። አረፋው ትልልቅ ሆኖ ቶሎ ከጠፋ አንድ ነው፣ ደቃቅ ሆኖ በአንገቱ ዙሪያ ከቆየ ሌላ ነው። "ገና ነው" አልኳት። መሣሪያውን ለባለሙያ ብታሳየው ተበላሽቶ ኖሯል። እማዬ ከሸምበቆው ጫፍ በብርሌ ተቀብላ ወደ ብርሃኑ ስታነሳ፣ አንድ ዓይኗን ስትጨፍን፣ እኔ ያን ሁሉ ዘመን አጠገቧ ቆሜ አይ ኖሯል። ማየቴን አላውቅም ነበር።

ሌላም ነገር ልንገርሽ። እዚህ የተጣራውን በቆሎ ጭማቂ ሲያወጡ የሚቀረውን ለከብት አርቢዎች ይሰጣሉ። አተላ ነው እትዬ፣ ያው አተላ። ሽታው አንድ ነው። መጀመሪያ ቀን የሸተተኝ ጊዜ ከመጋዘኑ ጀርባ ሄጄ አለቀስኩ። በየዓመቱ ከበርሜሉ ተንኖ የሚጎድለውን ደግሞ የመላእክት ድርሻ ይሉታል። ይህን ለእህቶች ኅብረት አትንገሪ።

ሚስስ ዶሮቲም የራሷ ጉድ አላት። የድሮው የቤቱ ታሪክ የሚናገረው ስለ ወንዶች ብቻ ነው፤ ኦገስት፣ ልጁ፣ የልጅ ልጁ። እውነቱን ግን ልጅ ሆና አይታለች። መሐሉን ከዳሩ የምትለየው አያቷ አይዳ ነበረች። ቅዳሜ ቅዳሜ ታሸትና ትወስናለች፤ እሑድ ኮፍያዋን አድርጋ ዌስተርቪል ቤተ ክርስቲያን ትሄዳለች። ዌስተርቪል ማለት ቀድሞ መጠጥ በአሜሪካ እንዲከለከል የተነሱት ሰዎች ቢሮ የነበረበት ከተማ ነው። እኔም የማመልከው እዚያው አካባቢ ነው። ቤተሰቡ እንዳትዋረድ ብሎ ስሟን የትም አልጻፈውም፤ እሷም አልጠየቀችም። አሁን ዶሮቲ የመጀመሪያውን ገጽ ለእሷ ሰጥታታለች።

አስዋሸኸኝ ላልሽው ይቅርታ። ግን እትዬ፣ አትቆጪኝና፣ አንቺ እናታችንን እህል ነጋዴ አደረግሻት፣ እኔ ራሴን እህል ፈጪ አደረግሁ። ሁለታችንም ጥሬው ላይ ቀረን።

ወንድምሽ፣
ሲራክ


ሐዋሳ
ጥር 29 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለሲራክ፣

ደብዳቤህ ከደረሰኝ ሦስት ሳምንት ሆኖታል። ወዲያው ያልመለስኩት ብመልስ ኖሮ ክፉ ስለምናገር ነው። አሁንም ጨርሶ አልበረደልኝም።

አለመጠጣትህ ደስ ብሎኛል። የመላእክት ድርሻ ስላልከው፣ በርሜላቸው ቢያንጠባጥብ በርሜሉን ይጠግኑ፣ በመልአክ አያሳብቡ።

ስለዚያች አይዳ ስለምትባል ሴት የጻፍከው ልብህን ነክቶታል፤ የእኔን አልነካውም። የእሷ ጠጪዎች ሩቅ ናቸው። በጠርሙስ ገዝተው ቤታቸው ይጠጣሉ። የእኛዎቹ እኛ ቤት ነበር የሚጠጡት። አንተ ወንድ ነህ፣ ትንሽም ነበርክ። አንተ የምታስታውሰው አረፋውን ነው፤ እኔ የማስታውሰው የጠጪዎቹን እጅ ነው። ጋኑን ተሻግሬ ወደ ጓዳ ለመግባት በእነሱ መሐል ማለፍ ነበረብኝ። አሥራ ሦስት ዓመት ሲሞላኝ እማዬ አናጺ ጠርታ የጓዳዬን በር ከውስጥ መወርወሪያ አስገጠመችለት። መወርወሪያውን አንዴ ከፍታ ዘግታ አሳይታኝ ወደ ምድጃዋ ተመለሰች።

ትምህርት ቤት ስሄድ ፀጉሬ ይሸት ነበር። አንድ አስተማሪ መስኮት አጠገብ ለብቻዬ አስቀመጠኝ፤ ለመማር እንዲመቸኝ ነው አለ። ጌታን ያገኘሁት በዚያ ጊዜ ነው፤ ማንም ያላሸተተኝ ቤት ያ ብቻ ነበር። አንተ ይህን ታሪክ በመጽሐፍ ልታስጌጠው ነው። እኔ ሮጬ ያመለጥኩት ነው።

እማዬ በመጨረሻ ትታው፣ በሰላም ነው የሞተችው። በዚያ ተዋት።

እንዲያው ልጠይቅህ፣ ቤተ ክርስቲያንህስ ታውቃለች? ሽምግልና ሊሾሙህ ነው ብለህ አምና ጽፈህልኝ ነበር። የምትሠራውን ነግረሃቸዋል? ወይስ ድፍረቱ እኔ ላይ ብቻ ነው?

መዓዛ


ኮሎምበስ
የካቲት 23 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለእትዬ መዓዛ፣

ልክ ነሽ፣ ድፍረቱ አንቺ ላይ ብቻ ነበር። ደብዳቤሽን ባነበብኩ በነጋታው ፓስተር ታዴዎስ ቢሮ ሄድኩ። ለፋሲካ እጅ ሊጫንብኝ ቀን ተቆርጦ ነበር። ሁሉንም ነገርኩት፤ የእማዬንም ጭምር። ሰውየው ደግ ነው፣ አልተቆጣም። ጠረጴዛውን እያየ "ወንድም ሲራክ፣ እኔ አልፈርድብህም። ግን ለጊዜው ከአገልግሎቱ አረፍ በል" አለኝ። ለጊዜው ማለት እስከ መቼ እንደሆነ እሱም አልነገረኝ፣ እኔም አልጠየቅሁት።

ባለፈው እሑድ በረዶ ጥሎ ነበር። ተነስቼ የቫኑን መስታወት ግማሽ ሰዓት ፋቅሁ፣ ሞተሩን አሞቅሁ። ከግሮቭ ሲቲ አራት እናቶችን ወደ ቤተ ክርስቲያን የማመላልሰው እኔ ነበርኩ፤ ሰባት ዓመት ሙሉ። ከግቢ ከወጣሁ በኋላ ነው ትዝ ያለኝ። አሁን ሌላ ሰው ነው የሚያደርሳቸው። ወዴት እንደምሄድ ሳላውቅ ትንሽ ነዳሁና ፋብሪካው በር ላይ ራሴን አገኘሁት። ዶሮቲም እዚያ ነበረች፣ ብቻዋን፣ ካፖርቷን ሳታወልቅ ወረቀት ትለያለች። ሾርባ አሙቃ ሰጠችኝ። ለአንድ ሰው የሚበቃውን ሾርባ ለሁለት እየጠጣን ዋልን። ከቤተ ክርስቲያን የደወለ የለም። በዚህ አላማርርም፤ ስለጠየቅሽኝ ነው የምነግርሽ።

ስለ መወርወሪያው አላውቅም ነበር። ስለ እጆቹም አላውቅም። ይቅር በይኝ፤ እኔ አጠገቧ ቆሜ አረፋ ሳይ አንቺ ከጀርባዬ ምን እንደምትሆኚ ዞሬ አላየሁም።

አሁን ግን አንድ ነገር እጽፋለሁ። ስጽፈው እያስጠላኝ ነው። ስለ ሠርግሽ ነው።

አሥር ዓመቴ ነበር። ለባልሽ ለሰሎሞን ቤተሰቦች እናት አባታችን ሞተዋል፣ ያሳደገችን ጎረቤት ናት ብለሻቸው ነበር። እማዬ ያቺ ጎረቤት ተብላ፣ ወጥ ሠሪ ሆና ነው ሐዋሳ የመጣችው። ከመኪና ከመውረዳችን በፊት አንገትጌዬን አስተካክላ፣ እዚህ እስካለን ድረስ እማዬ እንዳልላት፣ እትዬ መብራት እንድላት ነገረችኝ። ሁለት ቀን ነው አለችኝ። እኔም አልኳት። "እትዬ መብራት፣ ውሃ ስጪኝ" አልኳት፤ ሰው ፊት። አንዴም አልተሳሳትኩም። በጣም ጎበዝ ነበርኩ።

ስንመለስ አውቶቡስ ውስጥ ረስቼ አሁንም እትዬ ብዬ ጠራኋት። ሳቀች። "አሁን እናትህ ነኝ፤ ሐዋሳ ቀርቷል" አለችኝ። ከዚያ ሻሸመኔ እስክንደርስ በመስኮቱ ወደ ውጭ አየች።

ይህን ያነሳሁት ልከስሽ አይደለም እትዬ። አንቺ ምን ሸሽተሽ እንደሆነ አሁን ገብቶኛል። እኔም ግን ክጃታለሁ፤ አንቺ አንዴ ተናግረሽ ነው፣ እኔ ሁለት ቀን ሙሉ። ለዚህ ነው ስሟን እንዲጻፍ የፈለግሁት። ሥራውን ለማስጌጥ አይደለም። እናቴ ናት ብዬ በሰው ፊት አንዴ እንድናገር ነው።

ወንድምሽ፣
ሲራክ


ኮሎምበስ
መጋቢት 29 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለእትዬ መዓዛ፣

አምስት ሳምንት ሆነ፣ ከአንቺ ምንም የለም። ሔርሞንን በቴሌግራም ጠይቄያት ደህና መሆንሽን፣ ብቻ ዝምታ ማብዛትሽን ነገረችኝ። ያን ነገር መጻፍ አልነበረብኝም። በአፍ ቢሆን ፊትሽን አይቼ እመልሰው ነበር።

መጋዘኑ ባዶ እየሆነ ነው። የቀሩትን በርሜሎች የገዙት ሰዎች በየቀኑ ይጭናሉ። በርሜል የቆመበት ቦታ ወለሉ ላይ ክብ ጥቁር ነገር ይቀራል፤ በእነዚያ መሐል ስሄድ የእግሬ ድምፅ ሁለት እየሆነ ይመለስልኛል። ከስድስታችን ሦስቱ ሌላ ሥራ አግኝተው ሄደዋል። ዶሮቲ አልፎ አልፎ ስሜን ትረሳለች፤ የአያቷን ግን አትረሳም።

የእኔ ገጽ ባዶ ነው። ስም ሳትጠቅስ እናቴ ብለህ ጻፍ አለችኝ፤ እንቢ አልኳት። ስም ከሌላት ገጹ ይቅር። እስከዚያ ሰኞ ካልጻፍሽልኝ እንዲወጣ እነግራታለሁ። አልቀየምሽም። ይህን አውቀሽ ፋሲካን በሰላም ዋዪ።

ሲራክ


ሐዋሳ
ሚያዝያ 11 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለወንድሜ ለሲራኬ፣

ነገ ፋሲካ ነው፤ እንኳን አደረሰህ። ቤቱ በሰው ተሞልቷል፣ ሁሉም አፉን ያንቀሳቅሳል፣ ለእኔ ግን ዝም ያለ ቤት ነው። ይህን ደብዳቤ ፎቶ አንስታ የምትልክልህ ሔርሞን ናት። አንብቢው ብያታለሁ። አንብባ ስትጨርስ ምን እንደምትል አላውቅም፤ ስታነብ ላለማየት ወደ ጓሮ እወጣለሁ።

የቆየሁት ተቀይሜህ አይደለም። ሠርጌን ታስታውሳለህ ብዬ አላሰብኩም ነበር። አርባ ሦስት ዓመት ሙሉ ያን ነገር የማውቀው እኔና እሷ ብቻ፣ እሷ ከሞተች ወዲህ ደግሞ እኔ ብቻ ነኝ ብዬ ነበር። ከጎኔ ሌላ ሰው ተሸክሞት እንደኖረ ስሰማ መጀመሪያ አፈርኩ፣ ቀጥሎ ተናደድኩ፣ ቀጥሎ ደግሞ፣ ምን ብዬ ልጻፈው፣ ቀለል አለኝ።

ፎቶ የለኝም ያልኩህ እውነት ነው። ለምን እንደሌለኝ ግን ስማ። በሠርጌ ዕለት ከሰዓት በኋላ ፎቶ አንሺ መጣ። የሰሎሞን እናት፣ ነፍሷን ይማር፣ ይህች ወጥ ሠሪ ብዙ ደክማለችና ትጠራ፣ ከእኛ ጋር ትነሳ አለች። "ተይዋት፣ ሥራ ላይ ናት" አልኳት። እማዬ በሩ ላይ ቆማ ነበር። እጇን በመቀነቷ እየጠረገች ነበር፤ ልትመጣ። ሰምታኝ ተመልሳ ገባች። ሌላ ጊዜ ፎቶ አልተነሳችም።

ያ የመጀመሪያው ነው። ሁለተኛው፣ ሰሎሞን ሊሞት ሁለት ሳምንት ሲቀረው አንድ ከሰዓት ላይ እጄን ይዞ "ያች ሴት እናትሽ ነበረች አይደል?" አለኝ። ሠላሳ አምስት ዓመት አውቆ ዝም ብሎኝ ኖሯል። እንድነግረው በር ከፈተልኝ። አይደለችም አልኩት። እጄን አለቀቀውም። ያን ጊዜ ጆሮዬ ይሰማ ነበር፤ ያልሰማሁ መስዬ ብሄድ ይሻል ነበር።

ሦስተኛው በኅዳር ለአንተ የጻፍኩት ነው። ሌላ የማውቃት እናት የለችኝም አልኩህ። ጴጥሮስ ሦስት ጊዜ ከካደ በኋላ ወጥቶ አለቀሰ ተብሎ ተጽፏል። ይህን ክፍል ለሰንበት ትምህርት ልጆች ስንት ዓመት አስተምሬዋለሁ። ምሳሌ ሳይሆን የእኔ ጉዳይ መሆኑን በዚህ ሳምንት ነው ያነበብኩት።

ለቤተ ክርስቲያን እናገራለሁ ወይ ብትለኝ አላውቅም። አሁን ቃል አልገባልህም። ለአንተ ግን የተጠየቅሁትን እመልሳለሁ፤ ጻፍ።

ስሟ መብራት ዘውዴ ነው። የተወለደችው ኮፈሌ አጠገብ ነው፤ አባታችን ሲሞት አንተ የአራት ወር ልጅ ነበርክ። ሥራውን የተማረችው ከአክስቷ ነው። ተራውን አረቄ ሁሉም ያወጣል፤ እሷ ዳግመኛ አጣርታ የምታወጣው ዳግም ግን በነገሌ አምሳያ አልነበረውም። ከአዋሽ ማዶ ድረስ መጥተው ይወስዱት ነበር። መጀመሪያ የሚወርደውን ብርሌ መሬት ላይ ትደፋው ነበር፤ ሰው ይጎዳል ብላ። ጎረቤቶቿ አይደፉም፣ ቀላቅለው ይሸጣሉ። እሷ በሕይወቷ ማንንም አላሳወረችም። እውነት ነው፣ እኮራበታለሁም። አዎ፣ እኮራበታለሁ። በመጨረሻ ትታዋለች ያልኩህም ውሸት ነው። እስከ ሞተችበት ሳምንት ድረስ ታወጣ ነበር። እኔን ለመጠየቅ ስትመጣ ሁለት ቀን ቀደም ብላ ምድጃዋን ታጠፋና ልብሷን ታጥብ ነበር፤ ሽታው እንዳይከተላት።

ፈቃዴን ጠይቀሃል። ፈቃድ ሰጪ እኔ አይደለሁም፤ እሷ ናት፣ እሷ ደግሞ ከልክላኝ አታውቅም። ይታተም። ለዚያች አሮጊት ሰላም በልልኝ፣ ለሾርባውም አመስግንልኝ። አንተም እሑድ ቤት አትዋል፤ ከኋላ ወንበርም ቢሆን ሄደህ ተቀመጥ፤ ያባረረህ የለም።

አንድ ነገር ብቻ አስቸግርሃለሁ። ገጹ የአንተ ነው፣ አስተማሪህም እናትህ ናት፤ የእኔ ስም እዚያ ቦታ እንደሌለው አውቃለሁ። ቢሆንም ከስሟ ሥር እንዲህ ብለህ ጻፍልኝ፦ ልጆቿ መዓዛና ሲራክ። የእኔን አስቀድም። ታላቋም እኔ ነኝ፣ የካድኳትም እኔ ነኝ።

እህትህ፣
መዓዛ